የቤት ዕዳ እውነተኛ ዋጋ፦ ከወለድ አገድ እስከ ሙራባሃ፣ ከአዋሽ እስከ ሰመራ



የዛሬው ንግግሬ የሚነሣው ከአንድ ቀላል ከሚመስል ጥያቄ ነው። በብድር የተገዛ ቤት በመጨረሻ ስንት ብር ያወጣል? ቤት ለመግዛት ወይም ለመሥራት ከባንክ የተበደረን ሰው ብንጠይቅ ስለ ወለዱ መጠን ወይም ስለ ወርኃዊ ክፍያው ወዲያው ይነግረናል። ዕዳው እስኪያልቅ ድረስ ከኪሱ የሚወጣውን ጠቅላላ ገንዘብ ግን የሚያውቀው ጥቂቱ ነው። ይህ አለማወቅ ታሪክ አለው። የቤት ዕዳ ዋጋ ምንጊዜም በሁለት ነገር ይወሰናል፤ በገንዘቡና በጊዜው። ገንዘቡን ሁሉም ይቈጥረዋል፤ የጊዜውን ዋጋ ማን ይከፍለዋል የሚለው ጥያቄ ግን ከዘመን ዘመን መልሱ ተለዋውጧል። ይህን ለውጥ በአዋሽ ሸለቆ ከተሞች፣ በተለይም በአዋሽና እዚሁ በሰመራ፣ ተከትለን እንመልከተው።

መነሻችን ዕዳ የሌለበት ቤት ይሁን። የአፋር አርብቶ አደር ቤት፣ ደቦይታ፣ በታጠፉ እንጨቶች ላይ በዘንባባ ሰሌን ተሸፍኖ የሚቆም ነው። የሚሠሩት ሴቶች ናቸው፤ ጎጆ የምትወጣ ሙሽራም ቤቷን የምታገኘው በእናቷና በዘመድ ሴቶች እጅ ነው። መንጋው ሲንቀሳቀስ ቤቱ ፈርሶ በግመል ይጫናል። ይህ ቤት ዋጋ የለውም ማለት ግን አይደለም። ዋጋው የሴቶች ጉልበትና የዘመድ ግዴታ ነው፤ ጉልበቱም የሚከፈለው ቤቱ በሚቆምበት ወቅት ነው። ከቤቱ ጋር ወደ ነገ የሚተላለፍ ዕዳ የለም። ከቤቱ በታች ያለው መሬትም የጎሣ እንጂ የግለሰብ ባለመሆኑ በመያዣነት የሚሰጥ አልነበረም።

በደጋው ኢትዮጵያ መሬትና ቤት በዕዳ መያዣነት መሰጠት የጀመረው ባንክ ከመምጣቱ ብዙ ቀደም ብሎ ነው። የታወቀው ዘዴ ወለድ አገድ ይባላል። ተበዳሪው መሬቱን ወይም ቤቱን ለአበዳሪው ያስረክባል፤ አበዳሪውም የተበደረው ገንዘብ በሙሉ እስኪመለስለት ድረስ መሬቱን ያርሳል ወይም በቤቱ ይገለገላል። ስሙ እንደሚያስረዳው ወለዱ የታገደው ጥቅም ነው። የዚህ ውል አደጋ የቆመበት ቦታ ግልጽ ነው፤ አበዳሪው ሃያ ዓመት ቢያርስም ከዋናው ገንዘብ አንዲት ብር አይቀነስም። አባት የሰጠውን መሬት ልጅ ሳያስመልሰው ሊሞት ይችላል። ይሁን እንጂ ወለድ አገድ አንድ ነገር አይደብቅም። ተበዳሪው በየዓመቱ የሚከፍለውን ዋጋ በዓይኑ ያየዋል፤ በገዛ መሬቱ ላይ የሌላ ሰው እህል ሲበቅል ይመለከታልና።

እዚህ ላይ ከአገራችን ውጭ አንድ እርምጃ መሄድ ይጠቅማል። ዛሬ «ሞርጌጅ» የምንለው ቃል ከጥንታዊው ፈረንሳይኛ የመጣ ሲሆን ትርጉሙ «ሙት መያዣ» ማለት ነው። በአሥራ ሁለተኛው ምዕተ ዓመት መጨረሻ በእንግሊዝ የተጻፈውና በግላንቪል ስም የሚታወቀው የሕግ ድርሳን ሁለት ዓይነት መያዣ ይለያል። የመሬቱ ፍሬ ከዕዳው እየተቀነሰ የሚሄድ ከሆነ መያዣው ሕያው ነው፤ አበዳሪው ፍሬውን ወስዶ ዕዳው ሳይቀነስ የሚቆይ ከሆነ ግን መያዣው ሙት ነው። ድርሳኑ ሙት መያዣን እንደ አራጣ የሚቆጠር ኃጢአት ይለዋል፤ የንጉሡ ፍርድ ቤት ግን አይከለክለውም። እንግዲህ የመጀመሪያው ሞርጌጅ ከእኛ ወለድ አገድ ጋር አንድ ነገር ነበር። ሁለቱም ያነሡት ጥያቄ እስከ ዛሬ ይሠራል፤ የምከፍለው ገንዘብ ዕዳዬን እየቀነሰው ነው ወይስ ዕዳዬ እንዳለ ቆሞ የጊዜ ኪራይ ብቻ እየከፈልኩ ነው?

በ1952 ዓ.ም. የወጣው የፍትሐ ብሔር ሕግ ሁለቱንም ውሎች በአንድነት አስተናገደ። የማይንቀሳቀስ ንብረት መያዣን ዘርዝሮ ከደነገገ በኋላ ለወለድ አገድ ውልም ቦታ ሰጠ። በገንዘብ ብድር ላይ ተዋዋዮች የሚስማሙበትን ወለድ በዓመት ከ12 በመቶ እንዳይበልጥ ወሰነ፤ ከዚያ ያለፈ እንደሆነም 9 በመቶ ብቻ እንዲታሰብ አዘዘ። ሕግ አውጪው ወለድን እንደ ኃጢአት ከማየት ወጥቶ እንደ ዋጋ ያየዋል ማለት ነው፤ ዋጋ ደግሞ ጣሪያ ሊበጅለት ይችላል።

ወደ አዋሽ ሸለቆ እንመለስ። አዋሽ ከተማን የወለዳት በ1909 ዓ.ም. አዲስ አበባ የደረሰው የባቡር ሐዲድ ነው። ጣቢያው፣ የመንገደኛ ማረፊያው ቡፌና የሠራተኛው መኖሪያ በሐዲዱ ዙሪያ ተሰባሰቡ። በሸለቆው ታችኛው ክፍል ደግሞ በ1950ዎቹ መጀመሪያ የእንግሊዙ ሚቸል ኮትስ ኩባንያ የተሳተፈበት የተንዳሆ የጥጥ እርሻ ተቋቋመ፤ በ1954 ዓ.ም. የአዋሽ ሸለቆ ባለሥልጣን ተመሠረተ። ሐዲዱም እርሻውም አዲስ ዓይነት መኖሪያ ይዘው መጡ፤ ከሥራ ጋር የሚሰጥ ከሥራ ጋር የሚወሰድ ቤት። በዚህ ቤት የሚኖር ሠራተኛ ወለድ አይከፍልም፤ ነገር ግን ጡረታ ሲወጣ ወይም ሲባረር ባዶ እጁን ይቀራል። ዕዳ የሌለበት ቤት ሁሉ ነጻ እንዳልሆነ በዚህ እንረዳለን።

የ1967 ዓ.ም. ሁለት አዋጆች ይህን ሁሉ ከሥሩ ለወጡት። በየካቲት የወጣው የገጠር መሬት አዋጅ መሬትን በሽያጭም፣ በመያዣም፣ በወለድ አገድም ማስተላለፍን ከለከለ። በሐምሌ የወጣው አዋጅ ቁጥር 47 ደግሞ የከተማ ቦታንና ትርፍ ቤትን የመንግሥት አደረገ፤ አንድ ቤተሰብ ከአንድ መኖሪያ ቤት በላይ እንዳይኖረው፣ ለመኖሪያ የሚሰጠውም ቦታ ከ500 ካሬ ሜትር እንዳይበልጥ ወሰነ። ከዚያ በፊት በ1950ዎቹ ተቋቁመው ቁጠባ እየሰበሰቡ ለቤት ያበድሩ የነበሩት ሁለት ተቋማት ተዋሕደው በ1968 ዓ.ም. የቤትና ቁጠባ ባንክ ሆኑ። ይህ ባንክ በማኅበር ለተደራጁ ቤት ሠሪዎች በ4.5 በመቶ፣ ለግለሰቦች በ7 በመቶ ወለድ ያበድር ነበር።

እነዚህ አኃዞች ምን ማለት እንደሆኑ ለመረዳት አንድ ምሳሌ ይዘን እንቈጥር። አንድ ሚሊዮን ብር ለ20 ዓመት በእኩል ወርኃዊ ክፍያ የሚመለስ ብድር ነው እንበል። በ4.5 በመቶ ወርኃዊ ክፍያው 6,326 ብር ያህል፣ ጠቅላላው 1,518,000 ብር ያህል ይሆናል። በ7 በመቶ ጠቅላላው ወደ 1,861,000 ብር ይደርሳል። አሁን በንግድ ባንክ ብድር ዘንድ እንግዳ ያልሆነውን 16 በመቶ እንውሰድ። ወርኃዊ ክፍያው 13,913 ብር፣ ጠቅላላው 3,339,000 ብር ያህል ነው። ቤቱ አንድ ነው፤ በመጀመሪያው ስሌት በአንድ ቤት ተኩል ዋጋ፣ በሦስተኛው ከሦስት ቤት በላይ በሆነ ዋጋ ተገዝቷል።

ከጠቅላላው ድምር ይልቅ የሚያስደንቀው ግን የመንገዱ ቅርጽ ነው። በ16 በመቶ ከተበደረው ሰው የመጀመሪያ ወር ክፍያ ውስጥ 13,333 ብሩ ወለድ ነው፤ ከዋናው ዕዳ የሚቀነሰው 580 ብር ገደማ ብቻ ነው። ዐሥር ዓመት ሳያስተጓጉል ከፍሎ፣ 1,669,500 ብር ያህል አውጥቶ፣ ገና 830,500 ብር ዕዳ ይቀርበታል። የጊዜውን ግማሽ ጨርሷል፤ ከዕዳው ግን ስድስት እጅ ቢከፈል አንዱን ብቻ ነው ያነሣው። ግላንቪል ይህን ሰው ቢያየው የመጀመሪያዎቹን ዓመታት ሙት መያዣ ይላቸው እንደሆነ እጠረጥራለሁ። ልዩነቱ ወለድ አገድ ያበደረው ሰው ጎተራ ሲሞላ ይታያል፤ ይህኛው በወረቀት ሰንጠረዥ ውስጥ ተደብቋል።

ጊዜን ማሳጠር ምን ያህል እንደሚለውጥም ልብ እንበል። ያው ብድር በ20 ዓመት ፈንታ በ15 ዓመት ቢከፈል ወርኃዊው ክፍያ የሚጨምረው 775 ብር ያህል ነው። ጠቅላላው ግን ወደ 2,644,000 ዝቅ ይላል፤ ወደ 695,000 ብር ይድናል። ተበዳሪ ከባንክ ጋር ሲነጋገር ስለ ወለዱ መጠን ይከራከራል፤ ስለ ዓመታቱ ብዛት ግን ብዙ ጊዜ ያለ ክርክር ይፈርማል። ረጅም ጊዜ ወርኃዊ ክፍያውን የሚያቀልለት ስጦታ ሆኖ ይታየዋልና። ይህ አመለካከት በእኛ ብቻ የተወሰነ አይደለም። በአሜሪካ እስከ እ.ኤ.አ. 1930ዎቹ የነበረው የተለመደ የቤት ብድር ከጥቂት ዓመታት በኋላ በአንድ ጊዜ የሚመለስ ነበር፤ በታላቁ የኢኮኖሚ ውድቀት ብዙዎች ቤታቸውን ካጡ በኋላ በ1934 የወጣው ሕግ በመንግሥት ዋስትና ረጅሙንና ቀስ በቀስ የሚከፈለውን ብድር አስፋፋ። ረጅሙ ብድር ለብዙዎች የቤት በር ከፈተ፤ ከዚያው ጋር የዋጋውን ድምር ከዓይን አራቀ።

አሁን ወደ 4.5 በመቶው እንመለስና አንድ የታሪክ ጥያቄ እንጠይቅ። ርካሹ ብድር በእርግጥ ርካሽ ነበርን? ለተበዳሪው አዎን። ይሁን እንጂ የጊዜ ዋጋ አይጠፋም፤ ከአንዱ ትከሻ ወደ ሌላው ይዞራል። ባንኩ በዝቅተኛ ወለድ ያበደረው ገንዘብ የቆጣቢዎችና የመንግሥት ገንዘብ ነበር፤ ክፍያው በቆጣቢው ዝቅተኛ ገቢ ውስጥ ተካቷል። ብድሩን ለማግኘት ደግሞ ደመወዝና የከተማ ነዋሪነት ያስፈልግ ነበር። በአዋሽ ዳርቻ ከብቱን በ1965 እና በ1966 ዓ.ም. ድርቅ ያጣው አርብቶ አደር ወደዚያ መስኮት የሚቀርብበት መንገድ አልነበረውም።

ይህ ትከሻ የማዛወር ነገር በዋጋ ንረት ዘመን ይበልጥ ይጎላል። በ2014 ዓ.ም. የአገሪቱ ዓመታዊ የዋጋ ንረት ከ30 በመቶ በላይ ሲሆን ባንኮች ለቁጠባ እንዲከፍሉ የተወሰነው ዝቅተኛ ወለድ ከ2010 ዓ.ም. ጀምሮ 7 በመቶ ነበር። በእንዲህ ያለ ዘመን በ16 በመቶ የተበደረ ሰው በእውነተኛ ዋጋ ሲለካ ዕዳው በየዓመቱ ይቀልለታል። ታዲያ የቤቱን እውነተኛ ዋጋ ማን ከፈለው? ገንዘቡን በባንክ ያስቀመጠው ጡረተኛ፣ የዕቁቧን ገንዘብ በደብተር ያቆየችው ቡና ሻጭ ናቸው። ይሁንና ተበዳሪውም ቢሆን የሚጠቀመው ደመወዙ ከንረቱ ጋር ከተራመደ ብቻ ነው። ደመወዙ ባለበት ቆሞ ጤፍና ዘይት ከተወደደበት ያው 13,913 ብር ከማዕዱ ላይ የሚወሰድ ይሆናል።

ሰመራን ወስደን እንይ። የክልሉ መቀመጫ ከአሳይታ ወደዚህ የዞረው በ2000 ዓ.ም. አካባቢ ነው፤ ዩኒቨርሲቲውም በዚያው ዘመን ተቋቋመ። ከተማዋ በአብዛኛው በደመወዝተኞች የተሞላች፣ በአሰብ መንገድ ላይ በአንድ ትውልድ ዕድሜ ውስጥ የበቀለች ናት። እንዲህ ባለች ከተማ ቤት ለሚሠራ ሰው የባንክ ዕዳው ከዕዳዎቹ አንዱ ብቻ ነው። በ2004 ዓ.ም. የወጣው የሊዝ አዋጅ ቁጥር 721 በሊዝ የተወሰደ ቦታ ቅድመ ክፍያ ከ10 በመቶ እንዳያንስ ይደነግጋል፤ በቀሪው ላይ ደግሞ ወለድ ይታሰባል። በዚህ ላይ የግምት፣ የመድንና የምዝገባ ወጪዎች አሉ። ስለዚህ የቤቱን ዋጋ የሚጠይቅ ሰው የቦታውን ዕዳና የግንባታውን ዕዳ በአንድ ወረቀት ላይ መደመር ይኖርበታል። ክፍያው የተቋረጠ እንደሆነም በ1990 ዓ.ም. የወጣው አዋጅ ቁጥር 97 ባንኮች የ30 ቀን ማስጠንቀቂያ ሰጥተው መያዣውን ያለ ፍርድ ቤት ክርክር በሐራጅ እንዲሸጡ ሥልጣን ሰጥቷቸዋል። ሃያ ዓመት የተዘረጋ ውል በሠላሳ ቀን ሊቋጭ ይችላል።

በአፋር የዚህ ታሪክ ሌላ ገጽ አለ። የክልሉ ሕዝብ በእጅጉ ሙስሊም ነው፤ ወለድ ደግሞ በእስልምና ሪባ ተብሎ የተከለከለ ነው። ስለዚህ ለብዙ ቤተሰብ የባንክ ብድር ውድነቱ ከመመዘኑ በፊት የሃይማኖት ጥያቄ ሆኖ ኖሯል። ከ2003 ዓ.ም. በኋላ ባንኮች ከወለድ ነጻ አገልግሎት መስጠት ሲጀምሩ፣ በ2013 ዓ.ም. ደግሞ ዘምዘም ባንክ ሙሉ በሙሉ ከወለድ ነጻ ሆኖ ሲከፈት፣ ሙራባሃ የሚባለው ውል ወደ ከተሞቻችን ገባ። በሙራባሃ ባንኩ ንብረቱን ገዝቶ የገዛበትንና የትርፉን መጠን ለደንበኛው ገልጦ በተራዘመ ክፍያ መልሶ ይሸጥለታል። ጠቅላላው ዋጋ በፊርማው ቀን የታወቀ ነው፤ ጊዜው ቢዘገይም ዋጋው አይጨምርም። ከታሪክ አንጻር ስናየው ይህ ትልቅ ነገር ነው። የወለድ ብድር ሰነድ ከፊት የሚያስቀድመው መጠኑን ነው፤ የሙራባሃ ሰነድ ድምሩን ይናገራል።

ይሁን እንጂ ድምርን ማወቅ ርካሽ መግዛት ማለት አይደለም። አንድ ሚሊዮን ብር የተገዛ ቤት በ800,000 ብር ትርፍ ለዐሥር ዓመት ተሸጠ እንበል፤ በወር 15,000 ብር ይከፈላል። ደንበኛው ትርፉን ለዐሥር አካፍሎ «በዓመት 8 በመቶ ነው» ብሎ ይደሰት ይሆናል። ስሌቱ ግን ይሳሳታል። ዋናው በየወሩ እየተመለሰ ስለሚሄድ ሙሉው ሚሊዮን ዐሥር ዓመት በእጁ አይቆይም። ከወለድ ብድር ጋር በአንድ ሚዛን ቢመዘን 13 በመቶ ገደማ ይሆናል። ሁለተኛም ዕዳውን ቀድሞ ለመዝጋት የሚፈልግ ሰው የቀረው ትርፍ ይቀነስለት እንደሆነ ከመፈረሙ በፊት መጠየቅ አለበት፤ የወለድ ብድርን ቀድሞ መክፈል ወለዱን ሲያስቀር፣ በሙራባሃ ግን ቅናሹ በውሉና በባንኩ ፈቃድ ይወሰናል። ሃይማኖታዊው ጥያቄና የሒሳቡ ጥያቄ ሁለት ናቸው፤ አንዱን መመለስ ሌላውን አይመልስም።

የዚህ ሸለቆ ምድር ራሷም በዕዳው ውስጥ ድርሻ አላት። ከሰመራ ብዙ የማይርቀው የሰርዶ ከተማ በመጋቢት 1961 ዓ.ም. በመሬት መንቀጥቀጥ ፈርሷል። በ2017 ዓ.ም. በታኅሣሥና በጥር በአዋሽ ፈንታሌና በዱለቻ ምድሪቱ ለሳምንታት ስትናወጥ በአሥር ሺዎች የሚቈጠሩ ሰዎች መኖሪያቸውን ለቀው ተሰደዋል። እዚህ ላይ የመያዣ ሕግ መሠረታዊ መርህ ሙሉ ክብደቱ ይታያል። መያዣው ቢፈርስም ዕዳው አይፈርስም፤ ተበዳሪው የሌለ ቤት ክፍያ ይከፍላል። ደቦይታ በምድር መንቀጥቀጥ ቢወድቅ በማግሥቱ ሊቆም ይችላል፤ የብሎኬት ቤት ሲወድቅ ግን ገና ያልተኖሩ ዓመታት ገቢ አብሮ ይወድቃል። ስለዚህ በአዋሽና በሰመራ የመሬት መንቀጥቀጥን የሚሸፍን መድን ከቤት ዋጋ ውስጥ መደመር ያለበት ወጪ ነው፤ መድኑ ይህን አደጋ በእርግጥ መሸፈኑንም ውሉን አንብቦ ማረጋገጥ ያሻል።

በመጨረሻ በየትኛውም የክፍያ ሰንጠረዥ ላይ የማይገኝ አንድ ዋጋ አለ። እነዚህ ከተሞችና እርሻዎች የቆሙበት ምድር የአፋር ጎሣዎች የበጋ ግጦሽ ነበር። የ1987 ዓ.ም. ሕገ መንግሥት በአንቀጽ 40 አርብቶ አደሮች ለግጦሽና ለእርሻ የሚሆን መሬት በነጻ የማግኘትና ከመሬታቸው ያለመፈናቀል መብት እንዳላቸው ይደነግጋል። ዛሬ ግን የአርብቶ አደር ልጅ አያቱ መንጋ ባሳረፉበት ቦታ ላይ ቤት ለመሥራት ቅድመ ክፍያ አስይዞ፣ በቀሪው ላይ ወለድ ሊከፍል ይችላል። ይህን ዋጋ ማን ይቈጥረዋል? እኔ እንደማስበው ይህ የእናንተ የወጣት ተመራማሪዎች ሥራ ነው፤ የሊዝ ሰነዱንና የሽማግሌዎችን ቃል ጎን ለጎን አስቀምጦ ማንበብ።

ከዚህ ታሪክ ለዛሬ የሚተርፈው መመሪያ አጭር ነው። በወለድ ቢሆን በትርፍ፣ በባንክ ቢሆን በሊዝ፣ የቤት ውል ከመፈረሙ በፊት አራት ነገሮች በአንድ ገጽ ላይ በብር ይጻፉ፦ እስከ መጨረሻው ቀን የሚከፈለው ጠቅላላ ድምር፣ በጊዜው አጋማሽ ላይ የሚቀረው ዕዳ፣ ቀድሞ ለመዝጋት የሚጠየቀው ገንዘብ፣ ቤቱ ቢፈርስ በማን ላይ እንደሚወድቅ። ይህን ገጽ የሚያስገድድ ደንብ ቢኖር መልካም ነው፤ እስከዚያው ድረስ ግን ማንኛውም ተበዳሪ ሊጠይቀው ይችላል፤ ማንኛውም የሁለተኛ ዓመት ተማሪም ሊያሰላለት ይችላል። ዛሬ ማታ ወደየቤታችሁ ስትመለሱ ወላጆቻችሁ የፈረሙትን አንድ ውል አውጡና ድምሩን ሥሩለት።